አሜን የተባለለት ውል

ጠበቃ አልወድም። ይህን ከመጀመሪያው የምናገረው፣ ኋላ ላይ "ቂም ይዘሽ ነው የጻፍሽው" እንዳትሉኝ ነው። አዎ፣ ቂም ይዣለሁ። ቂም ልብን ያደርቃል እያሉ የሚመክሩኝ ሰዎች ያን ቅዳሜ ቢላ ከተማ አልነበሩም።

ያኔ ነቀምቴ ውስጥ በአንድ የግል ትምህርት ቤት እንግሊዝኛ አስተምር ነበር። የምኖረው በከኒሳ ቀሴ በሚባለው ሰፈር ከእናቴ ጋር ነው። እሁድ እሁድ ደግሞ በቤተ ክርስቲያናችን አስተርጓሚ ነበርኩ። ከውጭ አገር ሰባኪ ሲመጣ ከጎኑ እቆማለሁ። እሱ አንድ ሐሳብ በእንግሊዝኛ ይናገርና ያቆማል፤ እኔ በኦሮምኛ እደግመዋለሁ፤ ጉባኤው "አሜን!" ይላል፤ እሱ ይቀጥላል። ሲጮህ እጮሃለሁ፣ እጁን ሲያነሳ አነሳለሁ። የሥራው ሕግ አንድ ነው፤ አስተርጓሚ አይቆምም። ያልገባኝ ነገር ቢመጣ እንኳ ለጉባኤው የሚስማማ ነገር ፈልጌ እሞላለሁ እንጂ ሰባኪውን አስቁሜ "ምን ማለትህ ነው?" አልልም። እንዲህ ያደረገች አስተርጓሚ መንፈስ ሰበረች ትባላለች። ጉባኤውም ቢሆን "አሜን" ለማለት ሁሉንም መረዳት አይጠበቅበትም፤ ድምፄ ወረድ ሲል ተራው እንደደረሰ ያውቃል።

በዚህ ሥራ ስም ነበረኝ። ጠባዬን በተመለከተ ግን እናቴ "ምላስሽ ካንቺ ቀድሞ ነው በር የሚያንኳኳው" ትለኛለች።

የአባቴ እህት ጫልቱ የምትኖረው ከቢላ ከተማ ወጣ ብሎ ባለ መንደር ነው። የአባትን እህት "አዳዳ" ነው የምንለው፤ እኔም አዳዳ ጫልቱ እላታለሁ። ባሏ ከሞተባት ቆይቷል፤ ልጆቿም ተበትነዋል። ዳገቱ ላይ ቡና አላት፤ ከቤቷ በታች ደግሞ በጋ ከክረምት የማይነጥፍ ምንጭ አለ። የመሬቱ ይዞታ በስሟ ነው፤ ውኃውን ግን መንደሩ በሙሉ ይቀዳዋል።

በዚያ ዓመት የቡና ማጠቢያ የሚሠራ አንድ ድርጅት መጣ። ማጠቢያ ያለ ውኃ አይሆንም፤ ውኃው ያለው ደግሞ አዳዳ ጋ ነው። ድርጅቱ ምንጩንና በዙሪያው ያለውን መሬት ልከራይ፣ በተጨማሪም ከዋናው መንገድ እስከ መንደሩ መኪና የሚያስገባ መንገድ እሠራለሁ አለ። መንገድ የሚለውን ቃል ሲሰማ የመንደሩ ሰው ልቡ ተነሳ። አይፈረድበትም። በክረምት ከዚያ በሽተኛ የሚወጣው በቃሬዛ ነው። የጎረቤቷ የኦቦ ታደሰ ምራት በምጥ ተይዛ በቃሬዛ ስትወርድ ሕፃኑ ሳይተርፍ ቀርቷል። ስለዚህ ሁሉም ነገር የአንዲት ሴት ፊርማ ላይ ቆመ። አዳዳ ከፈረመች መንገድ አለ፤ ካልፈረመች የለም።

ኦቦ ታደሰ የመንደሩ ቤተ ክርስቲያን ሽማግሌ ናቸው። በሳምንቱ አጋማሽ ደወሉልኝ።

"ሌንሳ፣ ኢንታላ ኮ" አሉኝ፤ ልጄ ማለታቸው ነው። "ቅዳሜ ትመጫለሽ። ውሉ በሕዝብ ፊት ይነበባል። እንግሊዝኛ ነው፤ አንቺ ታስተረጉሚልናለሽ።"

"ለምን በኦሮምኛ አልጻፉትም? አማርኛስ ምን አጠፋ?"

"ገንዘቡን የሚያወጡት ውጭ አገር ያሉት ናቸው አሉ። እኔ ምኑን አውቄው! ጠበቃው ራሱ ነው አንቺን ያለው። ነቀምቴ ስታስተረጉሚ ሰምቶሻል። እንዳታሳፍሪን ብቻ።"

እውነቱን ለመናገር ደስ አለኝ። ሰው ሲያመሰግነኝ የማልወድ እመስላለሁ እንጂ እወዳለሁ።

ቅዳሜ ጠዋት ቢላ ደርሼ ከአዳዳ ጋር ወደ ቤተ ክርስቲያኑ አዳራሽ ስንገባ አግዳሚዎቹ ሞልተው ነበር። አዳዳ የክት ነጠላዋን ለብሳለች። በመንገዳችን ላይ ሰው ሁሉ እጇን እየሳመ "ዋቃ ይባርክሽ፣ ጫልቱ፣ መንገድ አመጣሽልን" ይላታል።

"ፈራሽ?" አልኳት።

"ምን ያስፈራል? አንቺ አለሽ አይደል!" አለችኝ።

ጠበቃው ሳምሶን ይባላል። ከአዲስ አበባ የመጣ፣ በዕድሜ ከእኔ ብዙም የማይበልጥ፣ ጭቃ እንዳይነካው እየመረጠ የሚረግጥ ሰው ነው። ሰላም ካለኝ በኋላ ወረቀቶቹን የስብከቱ አትሮኖስ ላይ ዘረጋ። አብሮት የመጣው ሰውዬ ደግሞ ካሜራ ተከለ።

"ካሜራው ለምንድን ነው?"

"ለማስረጃ። ውሉ በሚገባቸው ቋንቋ ተነብቦላቸው ተስማሙ ለማለት።"

"እንግዲያው ወረቀቱን ቀደም ብዬ ልየው።"

"አያስፈልግም እህቴ። እንደ እሁዱ ነው። እኔ አነባለሁ፣ አንቺ ትከተይኛለሽ። ያን ሰባኪ እንዴት እንደተከተልሽው አይቻለሁ እኮ፤ ግሩም ነበርሽ!"

ኦቦ ታደሰ በጸሎት ከፈቱና ሳምሶን ማንበብ ጀመረ። ሰውዬው ሰባኪ ሆኖ አረፈው! አንድ ሐረግ ያነባል፣ ቆም ይላል፣ ወደ እኔ ያያል። እኔም በለመደው አንደበቴ "ይህ ስምምነት በመልካም ፈቃድ የተደረገ ነው" አልኩ በኦሮምኛ። "አሜን!" አለ አዳራሹ። "ድርጅቱ ከዋናው መንገድ እስከ መንደሩ መንገድ ይሠራል።" "አሜን!" ከኋላ እልልታ ተጨመረበት። "አከራይ ከምንጩ ለቤቷ የሚሆን ውኃ መቅዳቷን ትቀጥላለች።" "አሜን!" ይህችን አዳዳ ራሷ ከሁሉም አስበልጣ አለቻት።

ወደ መጨረሻዎቹ ገጾች ሲደርስ ግን ማቆሙን ተወው። አንድ ዐረፍተ ነገር ጀመረና ገጹን ሙሉ በእሱ ጨረሰ። አራት ነጥብ የለም፣ ትንፋሽ የለም። ቃላቱን አንድ በአንድ አውቃቸዋለሁ፤ ተሰብስበው ሲመጡ ግን እጄ ላይ ምንም አልቀረም። ጨርሶ ወደ እኔ ዞረ። አዳራሹም ወደ እኔ ዞረ። አፌ እንደ ልማዱ ተከፈተና "ሁለቱም ወገኖች በመግባባት ይሠራሉ" አለ። አፌ አለ ነው የምላችሁ፤ እኔ ገና እያሰብኩ ነበር።

"አሜን!" አለ ሕዝቡ።

ያኔ ነው እስክሪብቶውን ያየሁት። ሳምሶን "አሜን" በተባለ ቁጥር በገጹ ጠርዝ ላይ፣ ከአንቀጹ ትይዩ፣ ምልክት ያደርጋል። ካሜራው ለምን እንደተተከለ፣ ስብሰባው ለምን በዚያ አዳራሽ እንደሆነ፣ እኔ ለምን እንደተመረጥኩ በአንዴ ገባኝ። ሰውዬው ነቀምቴ የመጣው የእግዚአብሔርን ቃል ሊሰማ አልነበረም። የወደደውም የእኔን እንግሊዝኛ ሳይሆን የእኛን ልማድ ነው።

ቀጣዩን አነበበና ቆመ። ዝም አልኩ።

"ቀጥይ" አለኝ በቀስታ።

"አልቀጥልም።"

ኦቦ ታደሰ ከመቀመጫቸው ተነሱ። "ሌንሳ፣ አመመሽ?"

"አላመመኝም። ያነበበው አልገባኝም። የቅድሙም አልገባኝም ነበር። ያልገባኝን ደግሞ ከእንግዲህ አልናገርም።"

አዳራሹ ተንጫጫ። አስተርጓሚ ስታቆም አይተው የማያውቁ ሰዎች ናቸው፤ ነውር የሠራሁ ያህል ነው ያዩኝ። እኔ ደግሞ አንዴ ከጀመርኩ አልመለስም።

"የቅድሙን አሜን መልሱት" አልኳቸው።

"አሜን ይመለሳል እንዴ?" ኦቦ ታደሰ ጮኹ። "ምን ነካሽ አንቺ ልጅ!"

"ይህ ሰው አሜናችሁን እየተከተለ ምልክት ያደርጋል። ለእሱ አሜን ማለት ገብቶናል፣ ተስማምተናል ማለት ነው። ካላመናችሁኝ ኑና ወረቀቱን እዩት።"

ሳምሶን ገጹን ገለበጠው። ፈገግታው ግን ከፊቱ አልወረደም። "እህቴ፣ ይህ የሥራ ማስታወሻ ነው" አለኝ በአማርኛ። "ሕዝቡ መስማማቱን ምልክት ማድረግ ወንጀል ሆነ?"

"ምን ላይ ነው የተስማሙት? በአማርኛ ንገረኝ። አሁን ያነበብከውን፣ ያን ገጽ ሙሉውን፣ በምናወራበት አማርኛ ንገረኝና እኔ ወደ ኦሮምኛ እመልሰዋለሁ።"

"ሕግ እንደዚያ አይነገርም። እያንዳንዱ ቃል ክብደት አለው። አቀልለዋለሁ ስትይ ታበላሺዋለሽ።"

"ተሸካሚዋ አክስቴ፣ ክብደቱን የምታውቀው አንተ! ጥሩ ነው!"

ነገሩ እየከረረ ሲሄድ ኦቦ ታደሰ ምሳ ይሁን ብለው ሰውን ወደ ግቢው አስወጡት። እኔ ወረቀቱ ላይ እጄን አሳረፍኩ። ሳምሶን ሰነዱ ከአዳራሹ አይወጣም አለ። እኔም አልወጣም አልኩት።

ኦቦ ታደሰ ሁሉም እስኪወጣ ጠብቀው መጡ። ፊታቸው ጠቁሯል። "ስሚኝ ሌንሳ" አሉ። "ምራቴን በቃሬዛ ያወረድናት በዚህ ትከሻ ነው። ይህን መንገድ ካስቀረሽብን አልምርሽም።"

"መንገዱን ላስቀር አይደለም። ምን እንደምትቀበሉ ልነግራችሁ ነው።"

"የምንፈልገውን እኛ እናውቃለን። አንቺ የከተማ ልጅ ነሽ፤ ማታ አስፋልትሽ ላይ ትገቢያለሽ።" ይህን ብለው ወጡ።

ቁጭ ብዬ ማንበብ ጀመርኩ። የሕግ እንግሊዝኛ እኔ የማስተምረው እንግሊዝኛ አይደለም። "ሻል" የሚለውን ቃል ለተማሪዎቼ የማስተምረው ለትሕትና ነው፤ "እንሂድ እንዴ?" ለማለት። እዚያ ወረቀት ላይ ግን እያንዳንዱ "ሻል" ዱላ ነው፤ ግዴታ አለብህ ማለት ነው። "ኖትዊዝስታንዲንግ" የሚል መንገድ የሚዘጋ ቃል አለ። እሱ የተቀመጠበት ቦታ ሁሉ ትርጉሙ "ከላይ የተባለው ቢኖርም ይህ ይበልጣል" ነው። በሰው ቋንቋ፣ ቅድም የሰጠሁሽን እዚህ ጋ ወስጃለሁ ማለት ነው። የሚሰጠው ከፊት፣ በአጭር ዐረፍተ ነገር፤ የሚወሰደው ከኋላ፣ በረጅሙ። ሳምሶን የት ላይ ቀስ ብሎ የት ላይ እንደሮጠ አሁን ገባኝ።

ገጹን በሞላው ዐረፍተ ነገር ላይ ብዙ ቆየሁ። በመጨረሻ ለደካማ ተማሪ የማደርገውን አደረግኩ። ማነው? ምን ያደርጋል? ባያደርግስ? እያልኩ ጠየቅኩት። "አከራይ" ባለበት ሁሉ ጫልቱ፣ "ተከራይ" ባለበት ሁሉ ድርጅቱ እያልኩ በአንድ ብጣሽ ወረቀት ላይ ቆራርጬ ጻፍኩት። የአክስቴ ስም ሲገባበት ያ ሁሉ ጭጋግ ተገፈፈ። ከዚያ በኋላ ማንበብ ሳይሆን መቀመጥ ነው ያቃተኝ።

ሳምሶን መጥቶ አጠገቤ ተቀመጠ። ድምፁን ዝቅ አድርጎ "እኔ አልጻፍኩትም" አለኝ። "ተጽፎ የመጣ ነው። ሁሉም ውል እንዲህ ነው።"

"ይህ ገጽ ለአንተስ ገብቶሃል?"

"እኔ ባለሙያ ነኝ።"

"እሱን አልጠየቅኩህም።"

"አንቺ ሰኞ ወደ ክፍልሽ ትመለሻለሽ" አለኝ። "አክስትሽ ግን እዚህ ነው የምትቀረው። መንገድ ያስቀረችባቸውን ሴት እነዚህ ሰዎች የሚረሷት ይመስልሻል? ለእሷ ብታዝኚላት ይሻላል።"

ይህ ማስፈራሪያ መሆኑ ያለ መዝገበ ቃላት ገባኝ። "ከላይ ታዝዘህ ነው ብዬ ላዝንልህ ነበር፤ ተውኩት" አልኩት።

ሰው ሲመለስ አትሮኖሱ ላይ የወጣሁት እኔ ነኝ። ሳምሶን ሊከለክለኝ ሲነሳ አዳዳ ከመቀመጫዋ "ተዋት" አለችው። "ፈራሚዋ እኔ ነኝ። መስማት እፈልጋለሁ።"

"ካሜራውን ክፈተው" አልኩት ሰውዬውን። ወደ ሕዝቡ ዞሬም፣ "አሁን ማንም አሜን እንዳይል። አንዱን ነገር እናገራለሁ፤ አዳዳ ጫልቱ የሰማችውን በራሷ አፍ ትነግረኛለች። ሳትነግረኝ ወደሚቀጥለው አልሄድም" አልኩ። አጉረመረሙ። ቢሆንም ተቀመጡ።

"ጫልቱ መሬቷንና ምንጩን ለድርጅቱ ትሰጣለች። ሐሳቧን ብትለውጥ እስከ ኪራዩ መጨረሻ መልሳ መውሰድ አትችልም። ድርጅቱ ግን በፈለገ ጊዜ ትቶ መሄድ ይችላል።"

አዳዳ አሰበች። "እኔ ታስሬያለሁ፤ እነሱ አልታሰሩም።"

"ድርጅቱ መንገዱን ይሠራል።"

"መንገድ ይሠራሉ። ይህ እውነት ነው?"

"እውነት ነው፤ ተጽፏል። ጫልቱና ድርጅቱ ቢጣሉ ደግሞ ዳኛው ያለው ባሕር ማዶ ነው።"

"እንግዲያው ከመጣላቴ በፊት አውሮፕላን ልሳፈራ!" አለች። አንድ ሁለት ሰው ሳቀ። ሳምሶን አልሳቀም።

ያቺን ገጽ ያዝኩ። "ቅድም ጫልቱ ለቤቷ ውኃ ትቀዳለች ብለን አሜን ብለናል። ያ ቢባልም፣ ጫልቱም ሆነች ሌላ ማንኛውም ሰው ከምንጩ ለመቅዳት አስቀድሞ ከድርጅቱ በጽሑፍ ፈቃድ ማግኘት አለበት። ድርጅቱ ሊሰጥም ሊከለክልም ይችላል፤ ለምን ተብሎ አይጠየቅም።"

መልሺልኝ አልኳት።

"እኔም ጎረቤቶቼም ለምንጩ ውኃ በወረቀት እንለምናለን" አለች በዝግታ። "እምቢ ካሉን ደጃፌ ላይ ቆመን ሲፈስ እናየዋለን።"

"እንደዚያ አይደለም የሚለው" አለ ሳምሶን፣ መልሷን በአማርኛ ስነግረው።

"እንግዲያው የሚለውን በል" አልኩት። "ካሜራው ይሠራል። ተሳሳትሽ በለኝ።"

አፉን ከፈተ፤ ወደ ካሜራው አየ፤ ዘጋው። "በተግባር ማንም አይከለክላችሁም" አለ በመጨረሻ። አዳዳ ይህን ስተረጉምላት ራሷን ነቀነቀች። "የማትከለክሉ ከሆነ ይህችን ብቻ ሰርዟት" አለችው። "ሌላውን ሁሉ ዛሬ እፈርማለሁ። አውሮፕላኑንም ቢሆን።"

"አንድ ቃል አይነካም። ወይ ሙሉውን፣ ወይ ምንም።"

እኔ በልቤ ድል አድርገናል ብዬ ነበር። ሕዝቡ ሰምቷል፤ ከእንግዲህ ሰውዬውን ራሱ ያባርረዋል ብዬ ጠበቅኩ። አዳዳ ወደ አግዳሚዎቹ ዞረች። "ሰማችሁ" አለች። "እንግዲህ ፈርሚ የሚለኝ ሰው ካለ ይነሳና በአፉ ይንገረኝ። 'ጫልቱ፣ ውኃውን ስጪ' ይበለኝ።"

ኦቦ ታደሰ ተነሱ።

"ጫልቱ፣ ውኃውን ስጪ" አሉ። ድምፃቸው አልተንቀጠቀጠም። "ውኃ ወንዝ ወርዶም ይቀዳል። የልጅ ልጄን ግን ከወንዝ አልቀዳውም።"

ከእሳቸው በኋላ ሌላው ተነሳ፤ ቀጥሎ ሚስቱ፤ ቀጥሎ አግዳሚው በሙሉ። ጠዋት እጇን ሲስሙ የነበሩት ናቸው። "ስጪ፣ ጫልቱ!" ይላሉ። ሁሉም ገብቷቸዋል። ያላወቁ፣ የተታለሉ ሰዎች ብላቸው ደስ ባለኝ፤ ግን ራሴ አስረድቻቸዋለሁ። ተቀምጠው የቀሩት በጣት የሚቆጠሩ ነበሩ።

አዳዳ አንድ በአንድ አየቻቸው። "ለእኔ ብቻ የሚቆረጥ ውኃ ቢሆን ኖሮ እፈርምላችሁ ነበር" አለች። "የልጆቻችሁም ስለሆነ አልፈርምም።" ነጠላዋን አስተካክላ ወጣች። እኔም ተከተልኳት። ከኋላችን የተሰደብነውን ስድብ እዚህ አልጽፈውም፤ እኔን የሰደቡኝ በሦስት ቋንቋ ነው።

ቤት ገባን። "ጎበዝ ነሽ አዳዳ፣ አኮራሽኝ" አልኳት።

"አፍሽን ዝጊ" አለችኝ። እንዲህ ብላኝ አታውቅም። "ባታነቢልኝ ይሻለኝ ነበር። ሳላውቅ ብፈርም ጎረቤት ይኖረኝ ነበር። አሁን ምን አለኝ?"

ነቀምቴ የተመለስኩት እያለቀስኩ ነው። ሚኒባስ ውስጥ አጠገቤ የተቀመጡት ሴትዮ ለቅሶ የምሄድ መስሏቸው እግዜር ያጽናሽ አሉኝ። ድርጅቱ ሌላ ምንጭ ያለበት ቦታ ሄደ። መንገዱም ቀረ። ለአዳዳ ቡና ለቀማ ደቦ የሚወጣ ጠፋ። እኔም ከአስተርጓሚነቱ ተነሳሁ፤ ያስነሳኝ ወሬ ከቢላ እኔን ቀድሞ ደርሶ ነበር። አንድም ሰው "ያነበብሽው ስሕተት ነው" አላለኝም። ያሉኝ "መንፈስ ሰበረች" ነው።

ያ ቀን ሁለት ነገር አድርጎኛል። አንደኛ፣ ያልገባኝን ገባኝ ማለት አልችልም፤ በሠርግም በስብሰባም እጄን አውጥቼ ስለምጠይቅ ሰው ይሸሸኛል። ሁለተኛው የከፋው ነው። እስከዚያ ቅዳሜ ሰው ከገባው እኔ የምፈልገውን ይመርጣል ብዬ አምን ነበር፤ ያ እምነት ጠፋብኝ። አሁን ከትምህርት ቤት መልስ ሰዎች የእንግሊዝኛ ውላቸውን ይዘውልኝ ይመጣሉ፤ የሥራ ውል፣ የኪራይ ውል፣ ዐረብ አገር የምትሄድ ልጅ ውል። ስማቸውን እያስገባሁ እቆራርጥላቸዋለሁ፤ የሰሙትን በራሳቸው አፍ እስኪነግሩኝ አልለቃቸውም። ፈርሙ ወይም አትፈርሙ ግን አልልም። ክፉ ውል ገብቷቸው፣ ዓይኔን እያዩ የሚፈርሙ አሉ። ጥርሴን ነክሼ እሸኛቸዋለሁ።

እናንተም የምታነቡኝ ብዙ አትመጻደቁ። ስልካችሁ ላይ ያን ሁሉ እንግሊዝኛ በአውራ ጣት ወደ ታች እያበረራችሁ "እስማማለሁ" የሚለውን ስትነኩት እኮ አሜን እያላችሁ ነው። አንድ ቀን እንኳ ቆም ብላችሁ የራሳችሁን ስም አስገብታችሁ አንብቡት። ካልገባችሁ ደግሞ አልገባኝም በሉ። ያፈጡባችኋል፤ አትሞቱም።

ባለፈው በጋ ወደ አዳዳ ሄጄ ነበር። ጠዋት በር ላይ ተቀምጠናል፤ ሰዎች ጀሪካን ይዘው በፊታችን ወደ ምንጩ ይወርዳሉ፣ ሞልተው ይወጣሉ። "አካም ቡልቴ፣ እንዴት አደርሽ" የሚላት የለም። የኦቦ ታደሰ ምራትም አለፈች፤ አንገቷን አቀርቅራ። ኦቦ ታደሰ ራሳቸው አህያ ጭነው አለፉ፤ ወደ እኛ አላዩም። ደሜ ፈላ።

"እነዚህ ሰዎች ውኃሽን ስጪ ብለው በፊትሽ የቆሙ አይደሉም?" አልኳት። "ሰላምታ እንኳ ነፍገውሽ በየቀኑ ይቀዱታል። ለምን አታጥሪውም? እኔ ብሆን በእሾህ ነበር የማጥረው!"

አዳዳ አህያው በሰላም እስኪወርድ አየች።

"ላጥረው ከሆነማ" አለች፣ "ያኔ ብፈርም ምን ነበረበት?"